የአልጋውን ድግምት ስለማረጋገጥ የወጣ አዋጅ

አዋጅ! አዋጅ! የሰማህ ላልሰማ አሰማ!

በጉም አገር አልጋ ላይ የተቀመጡ ሦስት ተከታታይ ነገሥታት፣ በነገሡ በሦስተኛው ዓመት ጥላቸው እየከዳቸው በቀትር ፀሐይ ያለ ጥላ ቆመው በመታየታቸው፤ የታችኛው መንጋጋቸውም ከላይኛው ጋር አልገጥም ብሎ የሚሰጡትን ፍርድ ከአንድ ሽማግሌ እልፍኝ አስከልካይ በቀር የሚረዳ በመጥፋቱ፤ ይህም በአልጋው ላይ የተደረገ ድግምት እንጂ ሌላ ምክንያት እንደሌለው ማረጋገጥ አስፈላጊ ሆኖ በመገኘቱ፣ የሚከተለው ታውጇል።

አንቀጽ 1። በዚህ አዋጅ ውስጥ «ድግምት» ማለት በቤተ መንግሥት የደረሰ፣ ነገር ግን ማንም ያላደረገው ነገር ነው። «ዘመድ» የሚለው ቃል ትርጉም አልተሰጠውም፤ ወደፊትም አይሰጠውም። የተጠቀሱት ዓመታት በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

አንቀጽ 2። አዋጁ በጥናት ላይ የተመሠረተ እንዲሆን አንድ የልምድ ልውውጥ ቡድን አበሉን አስቀድሞ ተቀብሎ ወደ ስፔን ተጉዟል። የተመረጠችው ስፔን ናት፤ ንጉሥ ተደግሞበታል ብሎ መዝገብ በመክፈት እንደ እሷ የተጋ አገር ቡድኑ አላገኘምና። ዳግማዊ ካርሎስ በ1661 ተወልደው፣ አራት ዓመት ሳይሞላቸው በ1665 ነገሡ። መንጋጋቸው ወደፊት የወጣ፣ ንግግራቸው ለሰሚ የሚያስቸግር፣ ሁለት ጊዜ አግብተው ልጅ ያላገኙ ንጉሥ ነበሩ። ሕዝቡ «ኤል ኤቺሳዶ» ይላቸው ነበር፤ የተደገመበት ማለት ነው። በ1698 የነፍስ አባታቸው ፍሮይላን ዲያስ ኢንኩዊዚሲዮን ከሚባለው የቤተ ክርስቲያን የምርመራ ችሎት የበላይ ኃላፊ ጋር መክረው፣ አስቱሪያስ ውስጥ በመነኮሳይት ላይ ያደረ ሰይጣን ያስለፈልፉ ለነበሩ አንድ ቄስ ጉዳዩን ላኩ። ሰይጣኑም ተጠየቀ። ንጉሡ በ1675፣ ገና ልጅ ሳሉ፣ በአንድ ስኒ ቸኮላት ውስጥ ድግምት ጠጥተዋል ሲል ቃሉን ሰጠ።

ቡድኑ ከሁሉም በላይ ያደነቀው የምስክሩን ምርጫ ነው። ሰይጣን መጥሪያ አይጽፉለትም፣ መጓጓዣ አይጠይቅም፣ መስቀለኛ ጥያቄም አያስደነግጠውም። ነፍስ አባቱ ግን ኋላ ላይ ራሳቸው ኢንኩዊዚሲዮን ፊት ቆመው እስከ 1704 ድረስ ነጻ አልወጡም፤ ስለዚህ በጉም አገር ሰይጣንን የሚጠይቀው ሹም ከሥልጣኑ ሊነሳ የታሰበ ሹም ይሆናል።

ካርሎስ ኖቬምበር 1 ቀን 1700 ሠላሳ ዘጠኝ ሊሞላቸው አምስት ቀን ሲቀር ሞቱ። አልጋውን የተናዘዙት ለፈረንሳዩ ሉዊ 14ኛ የልጅ ልጅ ስለነበር አውሮፓ ከ1701 እስከ 1714 ተዋጋች፤ የስፔን የነበረችው ጊብራልታርም በ1713 ለእንግሊዝ ተላልፋ እስከ ዛሬ በእሷው እጅ ናት። አንድ ስኒ ቸኮላት ይህን ያህል ርቀት መጓዙ በቃለ ጉባኤ ተይዟል።

አንድ ወጣት ጸሐፊ፣ ማንም ሳያዘው፣ ከሪፖርቱ ጀርባ አባሪ አያይዞ ተገኝቷል። አባሪው እንደሚለው የካርሎስ አባት ፊሊፕ 4ኛ በ1649 ያገቡት የገዛ እህታቸውን ልጅ ማሪያናን ነው። ልጅቱም ታጭታ የነበረው ለንጉሡ ልጅ ለባልታሳር ካርሎስ ሲሆን፣ ልጁ በ1646 ሲሞት አባት ለራሳቸው አስቀሯት። በሁለት መቶ ዓመት ውስጥ የካርሎስ ቤት ነገሥታት ካደረጓቸው 11 ጋብቻዎች ዘጠኙ በዘመዳሞች መካከል ነበሩ። በ2009 የሳንትያጎ ዴ ኮምፖስቴላ ተመራማሪዎች የካርሎስን የዝምድና ውልደት መጠን ሲያሰሉ 0.254 አገኙ፤ ባዕድ ለባዕድ ከተጋቡ ወላጆች የተገኙ ወንድምና እህት ቢጋቡ የልጃቸው መጠን 0.25 ነው። ይህ አባሪ ከሪፖርቱ እንዲወጣ ተወስኗል። እዚህ የተጠቀሰውም እንዳይነበብ ለማሳሰብ ብቻ ነው።

አንቀጽ 3። የፈረንሳዩ ንጉሥ ቻርልስ 6ኛ በ1392 ለ ማን በተባለ ከተማ አጠገብ በጫካ መንገድ ድንገት ሰይፍ መዘው የራሳቸውን ሰዎች ገደሉ፤ ኋላም ሰውነታቸው መስታወት የሆነ እየመሰላቸው እንዳይሰበሩ ልብሳቸው ውስጥ ብረት ያሰፉ ነበር። መተቱን ሠርታለች ተብላ የታማችው የወንድማቸው ሚስት ቫለንቲና ቪስኮንቲ ቤተ መንግሥቱን ለቃ ሄደች። እናድናቸዋለን ያሉ ሁለት መነኮሳት ደግሞ ሳይሆንላቸው ቀርቶ በ1398 አንገታቸው ተቀላ። በዚህ መሠረት የግርማዊነታቸውን ጥላ እመልሳለሁ የሚል ባለመድኃኒት ዋጋውን አስቀድሞ እንዲቀበል ይመከራል።

አንቀጽ 4። በዜሮ በሚያልቅ ዓመት መንገሥ ክልክል ነው። አሜሪካኖች በ1840 ፕሬዚዳንት ሆነው የተመረጡት ሃሪሰን በነገሡ በወሩ ከሞቱ ወዲህ፣ በ1860 ሊንከን፣ በ1880 ጋርፊልድ፣ በ1900 ማኪንሊ፣ በ1920 ሃርዲንግ፣ በ1940 ሩዝቬልት፣ በ1960 ኬኔዲ እያሉ ሲቆጥሩ ኖረዋል፤ ሁሉም ሥልጣን ላይ ሞተዋልና። ዛካሪ ቴይለር በ1848 ተመርጠው በ1850 መሞታቸው ደንቡን ስለሚያበላሽ አልተቆጠረም። በ1980 የተመረጡት ሬገን በ1981 በጥይት ተመተው መትረፋቸውም እንዲሁ።

አንቀጽ 5። ሰባት ቤት መቁጠር በማናቸውም ቦታ ተከልክሏል። ይህ አንቀጽ የገባው ከዳገቱ ሥር አንዲት አሮጊት የንግሥቲቱን ማለፍ ቆመው እያዩ «ለመሆኑ ቤቱን ቆጥራችኋል?» ብለው በአደባባይ በመጠየቃቸው ነው። እኚህ ሴት ተይዘው ሲመረመሩ በጣታቸው ሊያሳዩ ሞክረዋል። የንጉሡን አያት ይዘው ወደ ላይ ቢቆጥሩ፣ የንግሥቲቱንም ይዘው ቢቆጥሩ፣ ያው አንድ ሽማግሌ ሦስት ቦታ ተቀምጦ ይጠብቃቸዋል። መርማሪውም አብሮ ቆጥሮ ስለተገኘ ታስሯል።

አንቀጽ 6። ይህን አዋጅ የሚቃረን ማንኛውም ልማድ፣ የአያት ምክር፣ የሽማግሌ ጥያቄ ተሽሯል። አዋጁ ነጋሪት ከተጎሰመበት ሰዓት ጀምሮ የጸና ይሆናል።

በዚሁ ጋዜጣ የወጣ የሠርግ ጥሪ፦ አልጋ ወራሹ በመጪው እሑድ የእህታቸውን ልጅ ስለሚያገቡ የአገሩ ሰው ሁሉ ተጋብዟል። የወንዴና የሴቴ ወገን አንድ በመሆኑ የሚተከለው ድንኳን አንድ ብቻ ነው። ጠሪ አክባሪ ነው።