የሃምሳ ሳንቲም ሰዎች

ሜሪላንድ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ አንዲት ጠባብ ሱቅ ውስጥ ካሸር ነኝ። የፓወርቦል ሎተሪ ሽልማት ሲከመር የማላውቀው ሰው ሁሉ ይሰለፋል፤ ከ292 ሚሊዮን አንድ የሆነች ዕድሉን ይቆርጥና ዕጣው ሲወጣ ይጠፋል። ለሱ ወግ አላባክንም። የኔ ደንበኞች የ‹ፒክ ስሪ› ሰዎች ናቸው፤ ክረምት ከበጋ አይቀሩም።

ጨዋታው ቀላል ነው። ከ000 እስከ 999 አንድ ቁጥር ትመርጣላችሁ፤ ሃምሳ ሳንቲም ትከፍላላችሁ፤ በቅደም ተከተሉ ከወጣላችሁ 250 ዶላር ነው። ዕድሉ ከሺህ አንድ ስለሆነ፣ ሒሳብ የገባው ሰው ግማሹ ገንዘብ የት እንደሚቀር ወዲያው ያውቃል። ሒሳብ የገባው ሰው ደግሞ ሱቃችን ድርሽ አይልም፤ ከአንድ ጡረተኛ የሒሳብ መምህር በቀር። እሳቸው በቀን ሁለቴ ይመጣሉ፤ ዕጣው ቀንም ማታም ይወጣላ!

አንድ የቀድሞ ታክሲ ነጂ አሉ፤ ጋሼ እላቸዋለሁ። ቁጥር የሚለቅሙት ከመንገድ ነው። መኪና ተጋጭቶ ካዩ መጀመሪያ «የተጎዳ ሰው አለ ወይ?» ይላሉ፤ እግዜርን ይፈራሉ። ከዚያ ታርጋውን ይመዘግባሉ። በቀደም 417 ቆርጠው 471 ወጣ። ሱቁን በደስታ አናወጡት።

«አንተ ልጅ፣ አላልኩህም? አውቄው ነበር እኮ!»

«ጋሼ፣ ‹ቦክስ› ቢያደርጉት ኖሮ ቢገለባበጥም 40 ዶላር ነበረዎት።»

ተቀየሙኝ። «ቦክስማ እርግጠኛ ላልሆነ ሰው ነው!»

እትዬ የምላቸው ደንበኛ ደግሞ ቁማር ኃጢአት ነው ባይ ናቸው። ስለዚህ የሚፋቀውን ሎተሪ ብቻ ይገዛሉ። «ቁማር ቁጭ ብሎ መጠበቅ ነው፤ ይሄ ወዲያው ያልቃል» ይላሉ። አማትበው፣ በቤታቸው ቁልፍ ይፍቃሉ። የወጣላቸውን ሁለት ዶላር መልሰው ሌላ ይገዙበታል። ይህንንም ቁማር አይሉትም።

የሚጫወቱት ለሀብት ይመስላችኋል? 250 ዶላር እዚህ አገር የአንድ ክፍል የወር ኪራይ እንኳ አይሸፍንም። እነዚህ ሰዎች የሚፈልጉት «አውቄው ነበር» ማለትን ነው፤ ለዚህ ደግሞ ሃምሳ ሳንቲም ርካሽ ነው።

አንድ ልመና ብቻ አለኝ፦ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ሊሞላ ሲል ማሽኑ ሊዘጋ ነው፤ ተራችሁ ደርሶ «እስቲ ዛሬ ምን ልቁረጥ?» አትበሉኝ። ቁጥራችሁን ቤታችሁ ጨርሳችሁ ኑ። ከኋላችሁ ወተት ብቻ የሚፈልግ ሰው ቆሟል።