ጊዜ መላሹ ድንጋይ

ሰውዬው ለሦስት ሰዓት ቀጥሮኝ አምስት ሰዓት ላይ ከተፍ አለ። ይዞልኝ የመጣው ደግሞ ጊዜን ወደ ኋላ የሚመልስ ድንጋይ ነው! «እንግዲያው የቆምኩባትን ሁለት ሰዓት መልስልኝና እንነጋገር» ብለው፣ «እሱ እምነት ይጠይቃል» አለኝ። ዋጋው ላይ ስንደርስ ግን እምነት አልበቃውም፤ ቀብድ ጠየቀ።

ጊዜ የሚያውቅ ክሪስታል የለም አልልም። ኳርትዝ ይባላል። ዛሬ በአብዛኛው የእጅ ሰዓት ውስጥ ያለው፣ ኤሌክትሪክ ሲደርሰው በሴኮንድ 32,768 ጊዜ ይርገበገባል፤ ሰዓቱ ንዝረቱን ቆጥሮ «አንድ» ይላል። ሴይኮ በ1969 እ.ኤ.አ. የመጀመሪያውን የኳርትዝ የእጅ ሰዓት ቶኪዮ ላይ ለገበያ ሲያወጣ ትናንትን እመልሳለሁ አላለም። ይኸው ክሪስታል በወዳጄ እጅ ላይም ታስሮ ሥራውን ይሠራል፤ ባለቤቱ ዞር ብሎ አያየውም እንጂ።

«በጨለማ እየው» ብሎ በጋቢዬ አከናነበኝ። እውነት ለመናገር አበራ፤ አረንጓዴ፣ ደስ የሚል ብርሃን። ገልብጬ ስዳብሰው ከሥሩ በትንሽ ብሎን የታሰረች ክዳን አገኘሁ።

«ይቺስ ምንድን ናት?»

«ባትሪው ለብቻው ነው የሚሸጠው» አለኝ።