ጳጉሜ የሚባል ወር የለም

እህቴ ባንክ ነው የምትሠራው። ሰኔ ደግሞ ባንክ ሒሳብ የሚዘጋበት ወር ስለሆነ ፈቃድ ብትጠይቅ አለቃዋ ምን እንደሚላት ታውቃለች። ስለዚህ ልጇን ሚጣን ኬጂ የማስመዝገቡ ሥራ ቤተሰቡ «ሥራ የለውም» ብሎ በሚያምነው ሰው ላይ ወደቀ። ጸሐፊ ነኝ ብል ማን ይሰማኛል?

«ከሌሊቱ 11 ሰዓት ድረስ» አለችኝ፤ ደረስኩ። ከትምህርት ቤቱ በር እስከ ዳቦ ቤቱ ድንጋይ ተሰልፏል። ሰዎቹ መኪናቸው ውስጥ ተኝተዋል፤ ወረፋ የያዘላቸው ድንጋዩ ነው። እኔም የድርሻዬን ድንጋይ ፈልጌ ከኋላ አስቀመጥኩ።

ሲነጋጋ ማስታወቂያው ተነበበ። የልደት ምስክር ወረቀት ዋናውና ኮፒው፣ የክትባት ካርድ፣ ጉርድ ፎቶ፣ የወላጅ መታወቂያ። ለሎወር ኬጂ እስከ ጳጉሜ 5 አራት ዓመት የሞላው ብቻ። ከሥሩ በቀይ እስክሪብቶ «ኢንተርቪው አለ» ተብሏል።

ከፊቴ የነበሩት ሽማግሌ፣ የልጅ ልጃቸውን ሊያስመዘግቡ የመጡ፣ አንብበው ሳቁ። «እኛ ስንገባ መስፈርቱ ጆሮ ነበር ልጄ! ቀኝ እጅህን በአናትህ ላይ አዙረህ ግራ ጆሮህን ከነካህ ግባ፣ ካልነካህ ለከርሞ።»

እውነታቸውን ነው። ልጅ ወደ ሰባት ዓመቱ ሲጠጋ እጁ ከጭንቅላቱ አንጻር ይረዝማል፤ የልደት ወረቀት በሌለበት ዘመን ከዚህ የተሻለ መለኪያ ከየት ይመጣል? ኮፒ አይፈልግ፣ ማህተም አይፈልግ። የኔታ ዘንድ ደግሞ ይኼም አልነበረም። ፊደል የተጻፈበትን ገበታ ይዞ የመጣ ሁሉ ሀ ሁ ይላል። ቁጣና አለንጋ ነበር፤ ኢንተርቪው ግን አልነበረም።

ተራዬ ደረሰ። መዝጋቢዋ የክትባት ካርዱን ገለጠችና ፊቷ ተኮሳተረ። እናቴ ካርዱን የዕቁብ መዝገብ አድርጋው ኖሯል። «የዘጠኝ ወሯ የኩፍኝ ክትባት የቱ ነው?» አለችኝ። «እዚህ ጋ፤ ወይዘሮ አልማዝ 500 ብር ከሚለው በላይ» ብዬ አሳየኋት። ይኼ አለፈ።

ያላለፈው የልደት ቀኗ ነው። ሚጣ የተወለደችው ጳጉሜ 3 ነው፤ የትምህርት ቤቱ ኮምፒውተር ደግሞ ከ12 ወር በላይ አያውቅም። ማስታወቂያው ላይ ጳጉሜ አለ፣ ኮምፒውተሩ ላይ የለም!

«መስከረም 1 ብዬ ላስገባት?» አለች መዝጋቢዋ፣ ለመርዳት ብላ። ሦስት ቀን ነው ልዩነቱ። ግን መስከረም 1 ከሆነች በጳጉሜ 5 አራት ዓመት አልሞላትም፤ ሙሉ ዓመት ቤት ትቀመጣለች። «እንግዲያው ነሐሴ 30 በያት» አልኳት። ዳይሬክተሯ ተጠራች። «ከልደት ካርዱ ጋር አይመሳሰልም፤ ወረዳ ሄደው ያስተካክሉ» አሉ። ምኑን ነው የማስተካክለው? ወረዳው እኮ ትክክል ነው የጻፈው!

ክርክሩ ሳያልቅ ሚጣ ለኢንተርቪው ገባች፤ እኔም ጥግ ይዤ ተቀመጥኩ። ሚሷ ሰማያዊ ካርድ አንስታ «ዋት ከለር ኢዝ ዚስ?» አለች።

«ታክሲ!» አለች ሚጣ።

ቤታችን ታክሲ ተራው ጀርባ ነው። የአዲስ አበባ ሚኒባስ ሰማያዊ መሆኑን ያወቀች ልጅ ምን ቀራት? ሚሷ ግን ኤክስ አደረገች። «ቁጥር ቁጠሪልኝ» ስትላት ደግሞ ሚጣ እጇን እንደ ረዳት አውለብልባ «አንድ ሰው፣ ሁለት ሰው፣ ሞላ!» አለች። ሌላ ኤክስ። ቀጥሎ ሚሷና ዳይሬክተሯ ወደ እኔ ዞረው ቤት ውስጥ በምን ቋንቋ እንደምናወራት ጠየቁኝ። «በአማርኛ» ስል የተያዩት አስተያየት፣ ልጅቷን በዱላ እንደምናሳድጋት የተናዘዝኩ ነበር የሚመስለው።

ይኼን ኬጂ የሚባለውን ነገር የጀመረው ፍሪድሪኽ ፍሮቤል የሚባል ጀርመናዊ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1837። ልጆቹን የሚያስተምራቸው በኳስ፣ በእንጨት ኩብ፣ በዘፈንና አፈር በማስቆፈር ነበር። በ2015 የወጣው የእኛው የትምህርት ፖሊሲም ቢሆን ቅድመ አንደኛን ለ5 እና ለ6 ዓመት ልጆች ሁለት ዓመት ነው ያደረገው፤ አንደኛ ክፍል በ7 ዓመት ነው። የአራት ዓመት ልጅ በፈረንጅ አፍ ቀለም ካልጠራች አትገባም የሚል የትም የለም። የሚፈተነው ወላጅ ነው፤ ገንዘቡ፣ ቋንቋው፣ እንቅልፉ።

ለማንኛውም ሚጣ ተመዘገበች። ዳይሬክተሯ ኮምፒውተሩን ትተው በደብተር እንድትጻፍ አዘዙ፤ ደብተር ላይ ጳጉሜ ይጻፋል። እናንተም ልጃችሁ ጳጉሜ የተወለደ ከሆነ ክረምቱን አትጠብቁ፤ ከመመዝገቢያው ሳምንት በፊት ሄዳችሁ ኮምፒውተራቸው ስንት ወር እንደሚያውቅ ጠይቁ።