የማይፈጭ፣ የማይቀዳ፣ የማይጭን

ኧረ የወሎ ሰው ፍረደኝ! የወፍጯችን ሞተር ከተቃጠለ ወዲህ እህላችንን በባጃጅ ጭነን ሩቅ ሄደን ነው የምናስፈጨው። ቧንቧውም እንግዳ ሆኗል፤ ሲመጣ እልል ይባልለታል። ሐይቅ ከተማ ውስጥ ሳይበላሽ የሚንቀሳቀስ ነገር ቢኖር የልጅ ልጄ ከሽቦ፣ ከቆርኪና ከሃይላንድ ጠርሙስ የቀጣጠለው ባለ ብዙ እግር ጉድ ብቻ ነው።

«ምን ይሠራል?» አልኩት።

«ይሄዳል፣ አባባ።»

«ወዴት?»

«እንዲሁ ይሄዳል።»

እንዲሁ! እኛስ የሽቦ መኪና ሠርተን አልነበረም? ግን የኛ መኪና ጭቃም ቢሆን ጭኖ ደሴ ገበያ ይደርስ ነበር። ደሴው ጓሮ ቢሆንም ጉዳይ ነበረው።

ስቆጣ ስልኩን አውጥቶ ቴዎ ያንሰን የሚባል የሆላንድ ሰው አሳየኝ። ፊዚክስ ጀምሮ ጥሎት የወጣ ነው አሉ፤ ጥሩ አርአያ! ከ1990 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የኤሌክትሪክ ሽቦ የሚያልፍበትን ቢጫ የፕላስቲክ ቱቦ እየቆራረጠ በባሕር ዳር በነፋስ የሚራመዱ አውሬዎች ይሠራል። እግራቸው ሳይነጥር እንዲራመድ የአጥንቶቹን ልክ በኮምፒውተር ፈልጎ 11 ቁጥሮች አገኘ። ነፋሱንም በጠርሙስ ያጠራቅማል። ነፋስ! እኛ የምናጠራቅመው ውሃ አጥተን። ሰውዬው ግን ቢያንስ ሰበብ ነበረው፤ መጀመሪያ ያሰበው አውሬዎቹ አሸዋ ቆልለው አገሩን ከባሕር እንዲከላከሉ ነበር። የኔው ሰበብ እንኳን አይፈልግም።

ቀጥሎ ዣን ቲንግሊ የሚባል ስዊዘርላንዳዊ መጣ። መጋቢት 1960 እ.ኤ.አ. ኒውዮርክ በሚገኝ ሙዚየም አትክልት ቦታ፣ ራሱን የሚያፈርስ ግዙፍ ማሽን አቆመ። ማሽኑ እየጮኸ፣ እየጨሰ ራሱን ሲበታትን የተጋበዘው ሕዝብ ቆሞ አየ፤ መጨረሻ ላይ እሳት አጥፊ ገባ። ወላሂ፣ የወፍጯችንም ሞተር እንደዚያው ጮሆ፣ ጨሶ ነው የሞተው፤ ማን አጨበጨበለት?

«እሺ አባባ፣ የእስላም አገር ሰውስ?» አለኝ ተንኮለኛው። ደካማ ጎኔን ያውቃል። አል ጀዘሪ የሚባል ሰው በ1206 እ.ኤ.አ. ባጠናቀቀው መጽሐፉ የአራት አሻንጉሊት አዝማሪዎች ጀልባ አለ፤ ውሃ ላይ ተንሳፎ ለንጉሥ እንግዶች በመጠጥ ግብዣ ይጫወታል። ለጠጪዎች! አስተግፊሩላህ። ገጹን ሳስገለብጠው ግን በዚያው መጽሐፍ ውሃ ከጉድጓድ የሚስቡ ማሽኖችም ተሥለዋል። ልጁ እነሱን ዘሎ ከበሮ መቺውን ነው ያሳየኝ።

ይኸው አሁን ደግሞ ክራር የሚመታ አሻንጉሊት በታንኳ ጭኖ ሐይቁ ላይ ሊያንሳፍፍ ነው። የሚሽከረከር እንጨት ላይ ጥርስ ይተክላል፤ ጥርሱ በየተራ ክሩን ይነካል፤ ቅኝታችን አምስት ድምፅ ስለሆነ አምስት ክር ይበቃኛል ይላል። የሐይቅ እስጢፋኖስ መነኮሳት፣ ገዳማቸው ከአባ ኢየሱስ ሞዓ ዘመን ጀምሮ መጽሐፍ ሲገለበጥበት የኖረ፣ ምን ይሉን ይሆን? ሊገሥጹት የመጡት ጎረቤቶቼም ቡናቸውን ትተው ስለ ጥርሱ ርቀት ይከራከራሉ።

«በምን ትቃኘዋለህ?» አልኩት።

«በትዝታ።»

በትዝታ! አምባሰል ተራራ ከላይ እያየህ? ቅኝቱ አምባሰል ካልሆነ ሽቦዬን መልስ። ባቲም አይሆንም፤ ባቲዎች ነገ መጥተው ታንኳው የኛ ነው ይሉናል።