ወለዱን ማን አረገዘው?

«ይሄ ኢኮኖሚስት ነኝ ባይ ምቀኛ ነው! ገንዘብ ማግኘት ቢያውቅበት ቴሌቪዥን ላይ ተጎልቶ ስለ ማጭበርበር ይለፈልፍ ነበር?» አልከኝ። ልክ ብለሃል! ፖሊሱም እኮ ቂል ነው፤ ቁልፍ እንዴት እንደሚሰበር እያወቀ በደሞዝ ይኖራል።

«ብሬን የሰጠኋቸው ሰዎች በየወሩ ትርፍ ይከፍሉኛል፤ አንድም ቀን አላጓደሉም!» እሱ ነዋ ጉዱ! ዝናብ ያጓድላል፣ መብራት ያጓድላል፣ ያንተ ትርፍ ብቻ ቀኑን ቆጥሮ ከች። ኒው ዮርክ ላይ በርናርድ ማዶፍ የሚባል ሰውዬም እንዲሁ ነበር። ገበያው ወጣ፣ ገበያው ወረደ፣ እሱ በወር 1 በመቶ ገደማ ያድላል። ስሙ ራሱ «ማዶ» እያለ ሲያስጠነቅቃቸው ብራቸውን አሻገሩለት! ቦስተን የነበረ ሃሪ ማርኮፖሎስ የሚባል የገንዘብ ተንታኝ የማዶፍን የትርፍ ወረቀት ሲያየው፣ ከ87 ወር ውስጥ የከሰረው 3 ወር ብቻ። አንተ እዚህ ጋ ታጨበጭባለህ። እሱ እዚህ ጋ ጠረጠረ።

ቀጥሎ ምን እንዳደረገ ታውቃለህ? ቆጠረ። በቃ! ማዶፍ «ገንዘባችሁን ከኪሳራ የምጠብቀው በኦፕሽን ውል ነው» ይል ነበር። ገበያው ላይ ያለው የዚያ ዓይነት ውል ሁሉ ተለቅሞ ቢሰጠው ለያዘው ገንዘብ አይበቃውም። እዚያው ቦስተን እ.ኤ.አ. በ1920 ቻርልስ ፖንዚ «በፖስታ ኩፖን እየነገድኩ በ45 ቀን 50 በመቶ እሰጣለሁ» ሲልም ክላረንስ ባሮን የሚባል ጋዜጠኛ ያደረገው ይህንኑ ነው። ለተሰበሰበው ብር 160 ሚሊዮን ኩፖን ያስፈልጋል፤ ዓለም ላይ የሚዘዋወረው 27,000 ገደማ! ጎበዝ፣ እናንተ ፍረዱ፤ ይሄ ምቀኝነት ነው ወይስ መደመር?

«እቁብ ማለት እኮ ነው!» ኧረ እቁባችንን ተውልን! እቁብ ላይ ያንተን ብር የበላው ማን እንደሆነ በስሙ ታውቀዋለህ። ዳኛ አለ፣ ዋስ አለ። የገባው ነው የሚወጣው፤ ወለደ ያለህ የለም። ያንተው ግን ሳያረግዝ በየወሩ መንታ ይገላገላል፤ አባቱ ደግሞ ነገ የሚመዘገበው ሰውዬ ነው።

«ትልልቅ ሰዎች አሉበት!» ማዶፍ እኮ ራሱ ትልቅ ሰው ነበር፤ የናስዳቅ ሊቀመንበር የነበረ! ትልቅ ያልነበረው ኦዲተሩ ነው። ያን ሁሉ ቢሊዮን «መርምረናል» ብሎ የሚፈርመው ቢሮ ወርዱ 13 ጫማ፣ ርዝመቱ 18። ሠራተኞቹ ሦስት፤ አንዷ ጸሐፊ፣ አንዱ ፍሎሪዳ የሚኖሩ የ78 ዓመት አዛውንት። ቀሪው አንድ ሰው ቢሊዮኑን በየት በኩል አስገብቶት እንደነበር እንጃ፤ በሩም የሚያሳልፈው አይመስለኝም።

«መንግሥት አይቶታል!» አየውማ! ማርኮፖሎስ እ.ኤ.አ. ከ2000 ጀምሮ ለተቆጣጣሪው መሥሪያ ቤት ሲጽፍ፣ ሲጽፍ፣ በ2005 «የዓለም ትልቁ ሄጅ ፈንድ ማጭበርበሪያ ነው» ብሎ ርዕስ ሰጥቶ 30 የሚጠጉ የጥርጣሬ ምክንያቶችን ደረደረ። ከዚህ በላይ በምን ይጻፍላቸው፣ በከበሮ? መርማሪዎቹ በ2006 ማዶፍን አፋጠው ያዙት፤ አክሲዮኖቹ የሚቀመጡበትን የሒሳብ ቁጥር ሳይቀር ሰጣቸው። ሰውዬው «አለቀልኝ» ብሎ ተቀመጠ። ቁጥሩን ለማጣራት አንድ ስልክ መደወል ነበር የቀራቸው። አልደወሉም! በታኅሣሥ 2008 የተያዘውም እነሱ ነቅተው አይደለም፤ ራሱ ለልጆቹ ተናዘዘ፣ ልጆቹ ጠቆሙት። ደንበኞቹ እጅ ላይ ያለው ወረቀት 65 ቢሊዮን ዶላር ገደማ ይላል። ወረቀት ምን ይሳነዋል!

አሁን ደግሞ ድምፅህን ቀነስ አድርገህ «ታዲያ ገንዘቤን ላውጣው?» ትለኛለህ። ሞክራ! ማን ከለከለህ? «ዛሬ ሲስተም የለም» ካሉህ ግን እንዳትቆጣቸው፤ ለመጀመሪያ ጊዜ እውነቱን ነግረውሃል።