ስለ አሸዋ ውስጥ ቤት ኪራይና ስለ ዘበኝነት የወጣ አዋጅ

ስማ፣ ስማ! የሰማህ ላልሰማ አሰማ!

ከቀይ ባሕር እስከ ምዕራብ ፓስፊክ ያለው አሸዋማ ወለል መሸሸጊያ የሌለው ገላጣ ሜዳ በመሆኑ፤ ብዙውን ጊዜ ከ10 ሴንቲ ሜትር የማይበልጠው ጎቢ ዓሣ ንቁ ዓይን እንጂ መቆፈሪያ ስላልተሰጠው፤ ተኳሹ ሽሪምፕ በአንጻሩ መቆፈሪያ እንጂ የረባ ዓይን ስለሌለው፤ ሁለቱ በአንድ ጣሪያ ሥር እንዲኖሩ የሚከተለው ታውጇል።

አንቀጽ 1፦ ትርጓሜ። “ተከራይ” ማለት ከሽሪምፕ ጋር ከሚኖሩት ከ100 በላይ የጎቢ ዝርያዎች አንዱ ነው። “አከራይ” ማለት ቁፋሮ የማይታክተው ሽሪምፕ ሲሆን፣ የጂቡቲን ስም በሳይንሳዊ መጠሪያው የያዘውን የቀይ ባሕር ዝርያ ይጨምራል። ሉተር የተባለ ጀርመናዊ ተመራማሪ የእነዚህን ጎረቤታሞች ኑሮ እ.ኤ.አ. በ1958 ጽፎ አሳትሟል፤ ውላቸውን ግን ያኔም አላሳዩትም።

አንቀጽ 2፦ የአከራይ ግዴታ። አሸዋ ይናዳል። ስለዚህ አከራይ ቀኑን ሙሉ አሸዋ እየገፋ ያወጣል፤ ግድግዳውን በዛጎልና በኮራል ስብርባሪ ይደግፋል። ደጅ ሲወጣ አንቴናውን ከተከራዩ ገላ ላይ ማንሳት የለበትም።

አንቀጽ 3፦ የተከራይ ግዴታ። ተከራይ በር ላይ ሆኖ ይጠብቃል። አዳኝ ዓሣ ብቅ ሲል ጅራቱን ያርገበግባል፤ አከራይም በአንቴናው ንዝረቱን ሰምቶ ይገባል። አደጋው ከባሰ ተከራይ ራሱ በጭንቅላቱ ተወርውሮ ይገባል። ማንኳኳት አያስፈልግም።

አንቀጽ 4፦ የጦር መሣሪያ። አከራይ ያለፈቃድ መታጠቅ ይችላል። ትልቁ ጉጠቱ በቅጽበት ሲገጠም ውኃ ተወንጭፎ አረፋ ይፈጠራል። የተኩሱ ድምፅ ከጉጠቱ ግጭት ሳይሆን ከአረፋው መፈንዳት እንደሚመጣ እ.ኤ.አ. በ2000 የተረጋገጠ በመሆኑ፣ በጉጠቱ ላይ የሚቀርብ የጩኸት አቤቱታ ተቀባይነት የለውም።

አንቀጽ 5፦ ኪራይ። ክፍያው በዓይነት ነው። ተከራይ ጉድጓዱ ውስጥ ይጸዳዳል፤ አከራይም ይበላዋል። እ.ኤ.አ. በ2017 የታተመ ጥናት ይህ ለሽሪምፑ ጠቃሚ ምግብ መሆኑን አሳይቷል። ስለሆነም መጸዳጃ ቤት ይሠራልኝ የሚል ተከራይ ኪራይ ሊያቋርጥ እንዳሰበ ይቆጠራል።

አንቀጽ 6፦ የጽናት ጊዜ። አዋጁ ጎህ ሲቀድ ይጸናል። ሲመሽ ሥራ ይቆማል፣ ዘበኛው ከአከራዩ ጋር ይገባል፣ በሩም በአሸዋ ይደፈናል፤ ነገ ጠዋት እንደገና ይቆፈራል።