የኤልዶራ ጭቃ

ኤልዶራን የሠራው ሰው ሙዚቀኛ ነበር። ኤርል ባልቴስ ይባላል፤ የዳንስ ባንድ ይመራ ነበር። በምዕራብ ኦሃዮ፣ ሮስበርግ ከምትባል መንደር አጠገብ፣ ከዳንስ አዳራሹ ጎን በ1954 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) የመኪና መወዳደሪያ ከፈተ። አስፋልት የለውም፤ ወለሉ የሸክላ አፈር ነው። ሩብ ማይል የነበረው ዙር እየሰፋ ግማሽ ማይል ደረሰ። ባልቴስና ባለቤቱ ሃምሳ ዓመት ይዘውት ቆይተው በ2004 ለስመ ጥሩው ተወዳዳሪ ለቶኒ ስቱዋርት ሸጡት።

ይህን ያጫወቱኝ ኮሎምበስ የሚኖሩ የከባድ መኪና ሹፌር ናቸው፤ ጋሼ ነው የምላቸው። «መኪና ጭቃ ላይ ሲበር ሳታይ አሜሪካን አየሁ አትበል» ብለው ይዘውኝ ሄዱ። መስከረም ነው፤ በ1971 የተጀመረው ወርልድ ሃንድረድ፣ አሸናፊው የሉል ቅርጽ ያለው ዋንጫ የሚወስድበት ውድድር። የበቆሎውን ማሳ አልፈን ገና ከመድረሳችን ዶፉ ወረደ።

ሕዝቡ ግን ንቅንቅ አላለም። ዝናቡ ሲያባራ መኪኖች ወጥተው ቀስ እያሉ ዞሩ፤ ለምርጊት ጭቃ እንደሚያቦካ ሰው እየረገጡ ውሃውን አስመጠጡት። «እየው፣ እያጠበቁት ነው» አሉ ጋሼ፣ መነጽራቸው ላይ የተለጠፈውን ጭቃ በጣታቸው እየጠረጉ።

ውድድሩ ሲጀመር አፈሩ እርጥብ ስለነበር ጎማ ይይዛል። እየመሸ ሲሄድ ደርቆ ጠቆረ፣ አብለጨለጨ፤ ያኔ ደህና ሹፌር ወደ ላይ፣ የላላው አፈር ወደተከመረበት ወደ ግንቡ ጥግ ይወጣል። መታጠፊያው 24 ዲግሪ ያዘነበለ ነው፤ መኪናው ወደ ግራ እየዞረ የፊት ጎማዎቹ ወደ ቀኝ ተጠምዝዘዋል! በ2001 የኦሃዮው ዶኒ ሞራን አሸንፎ 1 ሚሊዮን ዶላር የወሰደው እዚህ ነው። የአሸናፊን ስም ሁሉም ያውቃል፤ እኔ ግን ታሪኩ ሲጻፍ አፈሩን ቀን ውሃ እያጠጡ፣ እያረሱ ለማታ የሚያደርሱት ሰዎች ስም ከፊት ቢቀመጥ እወዳለሁ።

ስንወጣ ሳር ላይ የቆመችው መኪናችን እስከ ቸርኬዋ ሰጥማለች። ጋሼ ማርሽ ቢያስገቡ ጎማው እዚያው ይሽከረከራል። ትራክተር የያዘ አንድ ገበሬ ሰንሰለት አስሮ ጎትቶ አወጣን፤ ገንዘብ ብንሰጠው እጁን አወዛወዘ። ይልቅ በ2013 የአሜሪካው የመኪና ውድድር ማኅበር፣ የናስካር፣ ፒካፖች እዚህ ሲሮጡ፣ ኦስቲን ዲሎን ሲያሸንፍ ማየቱን ነገረን። ከ1970 ወዲህ የናስካር ትልልቅ ውድድሮች አፈር አልረገጡም ነበርና ሲያወራው ፊቱ ይበራል። ሰንሰለቱን ፈትቶ ወደሚቀጥለው መኪና ሄደ፤ ተራ የሚጠብቀው ብዙ ነበር።